የማክስ ሊንደር ፊልሞችና የእኛ ካሴቶች

ቻርሊ ቻፕሊንን የማያውቅ አበሻ ጥቂት ነው። ቻፕሊን ራሱ «መምህሬ» ብሎ ፎቶግራፉን ፈርሞ የሰጠውን ማክስ ሊንደርን ግን እዚህ ፈረንሳይም ቢሆን ብዙ ሰው ረስቶታል። ያሳዝናል፤ ሥራው የሚረሳ አይደለምና።

ሊንደር በ1883 (በፈረንጅ አቆጣጠር) ቦርዶ አጠገብ ከወይን አምራች ቤተሰብ ተወለደ። ፓሪስ መጥቶ ቲያትር ሲሠራ ቆየና በ1905 ፓቴ የተባለ የፊልም ኩባንያ ገባ። በዚያ ጊዜ የፊልም ተዋናይ ስሙ አይጻፍም ነበር። ከ1910 ወዲህ ግን ሰው ትኬት የሚቆርጠው «ማክስ»ን ለማየት ሆነ። ሌሎቹ አስቂኞች ፊታቸውን ቀብተው ሲንከባለሉ እሱ ረዥም የሐር ባርኔጣ አድርጎ፣ ከዘራ ይዞ፣ ሪዙን ተከርክሞ ይወጣል። ሳቁ የሚመጣው ክብሩን ላለማጣት ከሚያደርገው ትግል ነው። በ1910 በሠራው አንድ አጭር ፊልም የመታጠቢያ ገንዳ ገዝቶ ቤቱ ያስገባል፤ ቧንቧው ያለው ግን ከጋራ መተላለፊያው ላይ ነው። ውሃ እያመላለሰ መሙላቱ ሲያቅተው ገንዳውን ጎትቶ አውጥቶ ጎረቤት በሚያልፍበት ይታጠባል።

በ1916 ኤሳኔይ የተባለው የአሜሪካ ኩባንያ ጥሎት በሄደው በቻፕሊን ምትክ ቀጠረው። አንደኛው የዓለም ጦርነት ጤናውን ጎድቶት ስለነበር ሦስት ፊልም ብቻ ሠርቶ ተመለሰ። ዳግመኛ ሄዶ በ1921 እና በ1922 ሦስት ረዣዥም ፊልሞች ሠራ። ከነዚህ በአንዱ አሽከሮቹ ትልቁን መስታወት ይሰብሩና የወጥ ቤቱ ሠራተኛ እንደ ጌታው ለብሶ ከባዶው ክፈፍ ወዲያ ይቆማል። ማክስ ጢሙን ሲላጭ ያ ሰው እያንዳንዷን እንቅስቃሴ ይከተላል። ማክስ ነገሩን ሲነቃበት አዲስ መስታወት ገብቷል፤ ባዶ መስሎት ዕቃ ወርውሮ ይሰብረዋል።

በ1925 ከባለቤቱ ጋር ሕይወቱ ሲያልፍ 41 ዓመቱ ነበር፤ ልጁ ሞድ ደግሞ የ16 ወር ሕፃን። ፊልሞቹ ተበታተኑ። ያረጀ ቅጂ በውስጡ ያለው ብር ተለይቶ እንዲወጣ ይሸጥ ነበር። የተረፈው ናይትሬት የሚባለው በቀላሉ የሚበላሽ የድሮ የፊልም ዓይነት ነው፤ መጀመሪያ ምስሉ ይደበዝዛል፣ ቀጥሎ ይጣበቃል፣ በመጨረሻ ቡናማ ዱቄት ይሆናል። ሞድ ዕድሜዋን ሙሉ የፊልም ጥቅል ስትፈልግ ኖራ በ1963 እና በ1983 የአባቷን ሥራ በሁለት ፊልሞች አሳየች። የፈረንሳይ መንግሥት ዘግይቶም ቢሆን ነቅቷል፤ ከፓሪስ ወጣ ብሎ ቧ ዳርሲ በሚባል ምሽግ ናይትሬቱን ያስቀምጣል፣ ከ1977 ወዲህም የፊልም ቅጂ ማስረከብ ግዴታ ነው።

መገኘቱ ብቻ ግን አይበቃም። የያኔው ካሜራ በእጅ የሚዞር ነው፤ በሰከንድ ሁለት ዙር፣ በዙር ስምንት ምስል፣ ማለትም በሰከንድ 16 ምስል ግድም። የ300 ሜትር ጥቅል በዚህ ፍጥነት 16 ደቂቃ ይፈጃል፤ በሰከንድ 24 ምስል ካሳዩት ወደ 11 ደቂቃ ይወርዳል። ያኔ ማክስ ጨዋነቱ ጠፍቶ የሚቅበዘበዝ ሰው ይሆናል፤ ትወናው ተበላሸ ማለት ነው።

የእኛም ችግር እዚሁ ላይ ነው። በእኛ በ1990ዎቹ በካሴት የተቀረጹት የአማርኛ ፊልሞች ዛሬ ውጭ ያለው ሰው የሚያውቃቸው በዩቲዩብ ነው። አገር ቤት የሚሠራበት ፓል የሚባለው የቪዲዮ ሥርዓት ነው፤ በሰከንድ 25 ምስል፣ 576 መስመር። ለአሜሪካ ገበያ ሲገለበጥ የአሜሪካው ሥርዓት ወደሆነው ኤንቲኤስሲ ይቀየራል፤ ወደ 30 ምስልና 480 መስመር። በዚህ መሐል ዝርዝሩ ይቀንሳል፣ እንቅስቃሴው ይንገጫገጫል። ስለዚህ ዋሽንግተን ከተሸጠው ካሴት ይልቅ አዲስ አበባ ፕሮዲዩሰሩ ቤት የቀረውን ዋናውን መፈለግ ይሻላል። ቧ ዳርሲን የመሰለ ቦታ እስኪኖረን ድረስ ይህ ሥራ የተዋናዮቹና የልጆቻቸው ነው።

ካሴቱ ሲገኝ ቶሎ ማጫወቻ ውስጥ አይከተት። በመስኮቱ በኩል ነጭ ነጠብጣብ ከታየ ሻጋታ ነው፤ የማጫወቻውን ራስ ያበላሻል፣ ወደ ሌላውም ካሴት ይዛመታል። መጀመሪያ በባለሙያ ይጽዳ። ጤነኛ ከሆነ በጀርባው ያለችው የፕላስቲክ ጥርስ ትሰበር፤ እሷ ከተሰበረች በላዩ ላይ ሌላ ነገር አይቀዳበትም። ሲገለበጥ በፓል ማጫወቻ፣ በ25 ምስል እንዳለ ይቀዳ። ያልተጨመቀው፣ ማለትም መጠኑን ለማሳነስ ጥራቱ ያልተቀነሰው ፋይል በሁለት ዲስክ፣ በሁለት የተለያየ ቤት ይቀመጥ። ዩቲዩብ ላይ የሚጫነው ከዚያ የወጣ ቅጂ ነው። ዋናው ካሴት እስከ መጨረሻው ተጠቅልሎ፣ ደረቅና ቀዝቃዛ ቦታ እንደ መጽሐፍ ቆሞ ይቀመጥ፤ ከነተዋናዮቹ ስም ዝርዝር።