«እሺ» ብላችሁ አትመለሱ

የድሬዳዋ ልጆች፣ የመንግሥት ሥራ ማስታወቂያ በወጣ ቁጥር ማስረጃችሁን አንጠልጥላችሁ የምትሰለፉ ወንድሞቼና እኅቶቼ፣ ይህ ተግሳጽ ለእናንተ ነው። በስማችሁ ላይ አንዲት ፊደል ተለይታ ስለተገኘች ብቻ ከምዝገባ ስትሰረዙ፣ ምክንያቱን እንኳ በወጉ ሳትጠይቁ «እሺ» ብላችሁ የምትመለሱት ስለምንድን ነው?

በዚህች ከተማ የአንድ ሰው ስም በየወረቀቱ አንድ ዓይነት ሆኖ ቢገኝ ነው የሚያስገርመው። ልጁ በቀበሌ መታወቂያው «መሐመድ»፣ በኦሮምኛ ወይም በሶማልኛ በተማረበት ትምህርት ቤት በቋንቋው የላቲን አጻጻፍ፣ ለምሳሌ በሶማልኛ «Maxamed» ተብሎ ይጻፋል፤ ዲግሪው ላይ ደግሞ በእንግሊዝኛ አጻጻፍ መሐሉ ላይ አንዴ በአንድ ኤም፣ አንዴ በሁለት ኤም ይመጣል። አሁን ፋይዳ የተባለው ብሔራዊ መታወቂያ ሲጨመርበት ሌላ አዲስ አጻጻፍ ቢወለድ አይድነቃችሁ። ከእነዚህ ውስጥ አብዛኞቹን የጻፋቸው ባለስሙ ሳይሆን መዝጋቢው ነው፤ የሚቀጣው ግን ባለስሙ ነው። የትውልድ ዘመን ነገር ከዚህም ይብሳል። በጥር 1990 ዓ.ም. የተወለደች ልጅ በሌላ ሰነድ ላይ 1998 ተብላ ብትገኝ፣ ይህ የሁለት የዘመን አቆጣጠሮች ልዩነት እንጂ ዕድሜ መደበቅ አለመሆኑን ለመረዳት የመዝገብ ቤት ሠራተኛ መሆን ብቻ ይበቃል።

ሐሰተኛ የትምህርት ማስረጃ አገሪቱን እንዳስቸገረና መሥሪያ ቤቶች ቢጠነቀቁ እንደማይፈረድባቸው አውቃለሁ። ይሁን እንጂ የተጠረጠረ ሰነድ ወደ ሰጠው ተቋም ተልኮ ይጣራል፤ የተሳተ ፊደልም በደጋፊ ማስረጃ ይታረማል። ሁለቱንም ሳያደርጉ አመልካቹን መሰረዝ ሥራን ማቅለል እንጂ ጥንቃቄ አይባልም።

ሕግ የለም እንዳትሉ፣ የፌዴራል የአስተዳደር ሥነ ሥርዓት አዋጅ ቁጥር 1183/2012 ለፌዴራል መንግሥት ተጠሪ የሆኑ የከተማ አስተዳደሮችንም ስለሚመለከት ድሬዳዋን ይነካል። አስተዳደራዊ ውሳኔ በጽሑፍ እንዲሆንና ምክንያቱ እንዲገለጽ፣ ቅር የተሰኘም ሰው በመጀመሪያ ለመሥሪያ ቤቱ ቅሬታ ሰሚ፣ ከዚያም ለፍርድ ቤት አቤት እንዲል መንገድ ከፍቷል። ሐረር ላይ የምታመለክቱ ግን በክልሉ ሕግ ስለምትዳኙ የዚያን ጠይቁ። የሕዝብ እንባ ጠባቂ ተቋምም አቤቱታ በቃልም በጽሑፍም ያለ ክፍያ ይቀበላል። እናንተ ግን ይህን ሁሉ ትታችሁ፣ ወይ ከሰዓት በኋላ የጫት በርጫ ላይ ተቀምጣችሁ መንግሥትን ስትረግሙ ታመሻላችሁ፣ ወይ «ውስጥ ሰው አለኝ» የሚል ደላላ ፍለጋ ትሄዳላችሁ። በመብታችሁ ልታስከፍቱት የምትችሉትን በር በገንዘብ ስታስከፍቱ፣ ነገ ከኋላችሁ ለሚመጣው ድሃ ዋጋውን እንደምትሰቅሉበት አታስቡም።

ከሁሉ የሚያሳፍረው ደግሞ የሰልፉ ዝምታ ነው። ከፊታችሁ የቆመችው ልጅ በአያቷ ስም አጻጻፍ ምክንያት ስትመለስ «አንድ ተቀነሰ» ብላችሁ በሆዳችሁ የምትደሰቱ እናንተ፣ ተራው ሲደርሳችሁ ማን እንዲጮኽላችሁ ነው? አባቶቻችን «በሕግ አምላክ!» የሚል ድምፅ ሲሰሙ መንገዳቸውን አቋርጠው ይቆሙ ነበር፤ እናንተ ከጎናችሁ ላለችው እንኳ «ምክንያቱን ጻፉላት» ማለት ከብዷችኋል።

ከመስኮቱ ወዲያ የተቀመጣችሁም የዚሁ ከተማ ሰዎች ናችሁ። «ይህ መመሪያ ነው» ስትሉ መመሪያውን አሳዩ፤ ማስተካከያ ማቅረቢያ ቀን ካለ ከመዝገቡ ከማውጣታችሁ በፊት ንገሩ።

እናንተ አመልካቾች ደግሞ ወረቀታችሁን በጊዜ አመሳክሩ፤ የተለየ ነገር ካለ ምዝገባ ሳይከፈት ወደ ጻፈው መሥሪያ ቤት ሄዳችሁ አሳርሙ። ይህንንም አድርጋችሁ ከተሰረዛችሁ ምክንያቱን በጽሑፍ ጠይቁ፤ እምቢ ካሏችሁ እምቢታቸውን ራሱን በቅሬታችሁ ውስጥ ጻፉ። ቅሬታውን በሁለት ቅጂ አዘጋጁና በእጃችሁ በሚቀረው ላይ የተቀበሉበትን ቀንና ማኅተም ሳታስመቱ ከመስኮቱ አትራቁ።