ዓይንን ያጎላው እጅ አላዋቂ አልነበረም

«የጥንት ሠዓሊዎቻችን የሰውን አካል መጠን አያውቁም ነበር፤ ዓይንን ከልክ በላይ ያጎሉት ለዚህ ነው። ዛሬ እውቀቱ ስላለን ማስተካከል ይገባናል።» ይህን የተናገሩት ሰሞኑን በአንድ የቴሌቪዥን ውይይት ላይ የተጋበዙ የሥዕል መምህር ናቸው። ለውይይቱ መነሻ የሆነው አንድ የቤተ ክርስቲያን አሠሪ ኮሚቴ ከመቅደሱ ግድግዳ ላይ አሮጌውን ሸራ አውርዶ፣ በምትኩ ከማተሚያ ቤት የወጡ የአውሮፓ ሥዕሎች ቅጂዎችን ለመለጠፍ መወሰኑ ነው። ኮሚቴው ሸራው አርጅቷል፣ ጣሪያው አፍስሶበታል፣ ሠዓሊ ማሠራትም ውድ ነው ብሏል። ጣሪያ ያፈስሳል፤ ሸራም ያረጃል፤ በዚህ አልከራከርም። መምህሩ ግን በችግር ለተወሰነ ውሳኔ የእውቀት ካባ ደረቡለት። ከዚያ ወዲህ ሰው ሁሉ «እውነት ነው፣ ዓይናቸው ያስፈራል» እያለ ይቀባበለዋል። ይህን ሰምቶ ዝም ማለት አልሆነልኝም።

«አያውቁም ነበር» የሚለው ክስ እንደ ቀላል ነገር ሊነገር አይገባውም ነበር። በ15ኛው መቶ ክፍለ ዘመን መጨረሻ ላይ የቬኒሱ ሠዓሊ ኒኮሎ ብራንካሊዮን ወደዚህ አገር መጥቶ፣ መርቆሬዎስ በሚል ስም ለነገሥታቱና ለአብያተ ክርስቲያናቱ አርባ ዓመት ያህል ሥሏል። ፖርቱጋላዊው ቄስ ፍራንሲስኮ አልቫሬዝ በዐፄ ልብነ ድንግል ዘመን ሲመጣ በሕይወት አግኝቶታል። የኢጣሊያ ሠዓሊ አጠገባቸው ተቀምጦ ያን ያህል ዘመን ሲሠራ የኖረባቸው ሰዎች ሌላ ዓይነት ዓይን መሣል እንደሚቻል አላዩም ሊባል ነው? በኋላም በሮም ሳንታ ማሪያ ማጆሬ ቤተ ክርስቲያን የሚገኘው የእመቤታችን ሥዕል ቅጂ በኢየሱሳውያን ሚስዮናውያን በኩል ደረሰ። ዛሬ «ምስለ ፍቁር ወልዳ» ብለን የምንሳለመው ሥዕል ተደራርበው የሚታዩትን እጆች፣ በጣቶቿ የያዘችውን መሐረብ፣ የሕፃኑንም አቀማመጥ የወረሰው ከዚያ ነው። እ.ኤ.አ. በ1591 ሮም ላይ በዐረብኛ የታተመው ባለ ሥዕል ወንጌልም ለጎንደር ዘመን የወንጌል ሥዕሎች አብነት ሆኗል። አባቶቻችን ከእነዚህ ሁሉ የወደዱትን ወሰዱ። አብነቱ ከፊታቸው ተዘርግቶ እጁንና መሐረቡን እንዳለ ከወሰዱ በኋላ፣ ዓይኑ ላይ ሲደርሱ የራሳቸውን ሣሉ። ይህ ምርጫ ነው። በሁለተኛው የጎንደር ዘመን ሥዕሎች ላይ ከባሕር ማዶ የመጣው የሐር ጨርቅ አበባው ሳይቀር ተለይቶ ይታወቃል። የጨርቅን አበባ እንዲህ አስተውሎ የሚሥል እጅ፣ በየቀኑ የሚያየውን የሰው ዓይን መጠን ሳያውቀው ቀረ ብሎ ማስተማር ነውር ነው።

መምህሩ አንድ ጊዜ እንኳ ያላነሡት ነገር አለ፤ ለእኔ ክርክሩ በሙሉ ያለው እዚያ ላይ ነው። እመቤታችን ከተሣለችበት ግድግዳ ሳይርቁ ይሁዳን ይፈልጉት። ፊቱ በጎን ዞሮ በአንድ ዓይኑ ብቻ ይታያል። ጌታን የሚገርፉት ጭፍሮች እንዲሁ፣ ሰማዕታትን የሚያሠቃዩት እንዲሁ፣ ዲያብሎስም እንዲሁ። ጻድቃንና ሰማዕታት ግን በሁለት ዓይን ፊት ለፊት ይመለከቱናል። ይህ ደንብ በየዘመኑና በየአጥቢያው እኩል እንዳልተጠበቀ አውቃለሁ፤ ቢሆንም ማንኛውም የአብነት ተማሪ አልፎ ሲሄድ ያነብበዋል። ከቤተ ክርስቲያን ወጥቶም ሄዷል። የዓድዋን ጦርነት የሚያሳዩትን አገርኛ ሥዕሎች ልብ ብሎ ያየ ሰው ሁሉ ያውቀዋል፤ የኢትዮጵያ ጦር ፊቱን ወደ እኛ መልሶ በሁለት ዓይኑ ይታያል፣ ኢጣሊያኑ ደግሞ በጎኑ ተሰልፎ በአንድ ዓይን ይተኩሳል። አንድ ሠዓሊ በአንድ ሸራ፣ በአንድ ብሩሽ፣ በአንድ ቀን ሥራ ለአንዱ ሁለት ዓይን ሰጥቶ ሌላውን በአንድ ካስቀረው፣ ስለ ዓይን የሚያስበው ነገር ነበረው ማለት ነው። ይሁዳን ዓይን ለዓይን እንድንተያየው አልፈቀደለትም። ከእኛ ጋር የመተያየትን ክብር ነፈገው። ከዚህ የበረታ ፍርድ በቀለም ሊነገር ይችላል? ክፋትን ለማሳየት ቀንድ መቀጠል፣ ጥርስ ማሾል ማንም ይችላል። ዓይንን ነሥቶ መፍረድ ግን በሰውና በሰው መካከል የሚያልፈው ነገር ሁሉ በዓይን በኩል እንደሚያልፍ ጠልቆ የተረዳ ሕዝብ ሥራ ነው።

ነጩ ሰፍቶ ብሌኑ የጠቆረውም ለዚሁ ነው። ብዙዎቹ ሥዕሎች ላይ ብሌኑ መሐል አይቀመጥም፤ ወደ ጥግ ሸሽቶ ማን ማንን እንደሚያይ ይነግረናል። መልአኩ ወደ ድንግል፣ ድንግል ወደ ልጇ፣ ልጇ ወደ ምእመኑ። ነጩ ባይሰፋ ኖሮ ይህ አቅጣጫ ከሩቅ አይነበብም ነበር። ሥዕሉ የሚታይበትን ቦታም አንርሳ። ክቡ ቤተ ክርስቲያን ውስጥ በመቅደሱ ውጫዊ ግድግዳ ላይ ያለው ሥዕል የሚታየው በበሮቹ በሚገባ ጥቂት ብርሃንና በጧፍ ነው። ለፎቶግራፍ መብራት የተሠራ ለስላሳ ፊት እዚያ ጨለማ ውስጥ ይጠፋል፤ ዓይኑ የጎላው ግን ከመጋረጃው ማዶ ሳይቀር ያገኝሃል። የደብረ ብርሃን ሥላሴን ጣሪያ የሞሉት የመላእክት ፊቶች ዓይናቸው እንደ ማተሚያ ቤቱ ምስል አንሶና ፈዞ ቢሆን ኖሮ፣ ማን አንገቱን ቀና አድርጎ ይቆም ነበር?

«እውቀት አለን» ከተባለ ደግሞ እውቀቱ ራሱ የሚመሰክረው ለአባቶቻችን ነው። እ.ኤ.አ. በ1997 ኮባያሺና ኮሺማ የተባሉ ጃፓናውያን ተመራማሪዎች የሰውን ዓይን ከጦጣና ከዝንጀሮ ወገኖች ዓይን ጋር አነጻጽረው፣ ነጩ እንዲህ ሰፍቶና ተገልጦ የሚታየው በሰው ላይ መሆኑን አሳይተዋል። ከዚያ ወዲህ ብዙ ክርክር ቢነሣም፣ ያ ነጭ የምናይበትን አቅጣጫ ለሌላው እንደሚገልጥ የሚክድ ሰው አላውቅም። እ.ኤ.አ. በ2002 የወጣ ጥናት ደግሞ ከተወለዱ ጥቂት ቀናት ብቻ የሆናቸው ሕፃናት ዓይኑን ከሰበረ ፊት ይልቅ ወደ እነርሱ የሚመለከተውን ፊት ረዘም አድርገው እንደሚያዩ አረጋግጧል። ሠዓሊው ሰውን ከእንስሳ የለየውን ነገር ይዞ አጎላው። ፊት ውስጥ ዋናው ምን እንደሆነ ያወቀ እርሱ ነው፤ በሴንቲሜትር የሚለካው አይደለም።

«ያስፈራል» ለሚሉትም መልስ አለኝ። አዎ፣ ያስፈራል፤ የሚያጽናናም ዓይን ነው። እንግዳ በተቀመጠበት ቤት ያደገ ሰው የእናቱን ዓይን ያውቃል። አንድ ቃል ሳይወጣት ከሰሃኑ ላይ እጁን ታስመልሰዋለች፣ ከወንበሩ ታስነሣዋለች፤ እንግዳው ሳያውቅ በዚያው ዓይን መልሳ ታባብለዋለች። እኛ የተቀጣነውም የተወደድነውም በዓይን ነው። ደብተራው በክታቡ ላይ የሚያፈጥጥ ዓይን የሚሥለው፣ ብራናውንም በባለቤቱ ቁመት ልክ የሚያዘጋጀው፣ ዓይን ኃይል እንዳለው ስለሚያምን ነው። ቤተ ክህነት ክታቡን ብትነቅፍም፣ የዓይኑን ብርታት ከዚህ በላይ የሚናገር ሥዕል የለንም። ቅዱስ ጊዮርጊስ ፊት ቆመህ ምንም ካልተሰማህ፣ የቆምከው ጌጥ ፊት ነው። ተለጥፈው የምናያቸው ቅጂዎች ችግራቸውም ይኸው ነው፤ ዓይናቸውን ወደ ሰማይ አንጋጥጠው ማንንም አያዩም። ምእመኑ ስለቱን ይዞ ሲቆም የሚያየው የለም።

የውጭ ሰዎች ይህን ከእኛ ቀድመው አውቀውታል። እ.ኤ.አ. በ1932 በማርሴል ግሪዮል የተመራው የፈረንሳይ ተልእኮ ከጎንደሩ አባ እንጦንስ ቤተ ክርስቲያን የግድግዳ ሥዕሎቹን አውርዶ ወሰደ፤ በቦታቸው አብሮት የመጣ ሠዓሊ የሠራቸውን ቅጂዎች አስቀመጠ። ዋናዎቹ ዛሬ ፓሪስ፣ ኬ ብራንሊ ሙዚየም ውስጥ ናቸው። ያኔ ቅጂ ትቶ ዋናውን የወሰደው ባዕድ ነበር። ዛሬ ዋናውን አውርደን ቅጂ የምንለጥፈው ራሳችን ነን፤ ያም ቅጂ የእኛ እንኳ አይደለም።

ስለዚህ ኮሚቴው አንድ ነገር በግልጽ ይንገረን፤ የወረደው ሸራ አሁን የት ነው? ተጠቅልሎ እቃ ቤት ገብቶ ከሆነ ምስጥ ሳይቀድመን ይውጣ። ለሰው ተሰጥቶ ከሆነ ለማን እንደተሰጠ ለምእመናኑ ይነገር። ለማተሚያ ቤቱ የተመደበው ገንዘብ ጣሪያውን ይጠግን፤ የተረፈውም የአባቶቹን አሣሣል ለሚያውቅ ሠዓሊ ይከፈል። መምህሩም ተማሪዎቻቸውን ይዘው ጣናን ይሻገሩ፤ ደቅ ደሴት ላይ ናርጋ ሥላሴ ገብተው፣ በእመቤታችን እግር ሥር የተደፋችውን እቴጌ ምንትዋብን ከሣለው ሰው ሥራ ፊት ይቁሙ። እዚያ ቆመው «ይህ ሰው አያውቅም ነበር» የሚለውን ትምህርታቸውን ይድገሙት።