ከዳን ገርኒ በፊት ጂሚ መርፊ ነበር

የአሜሪካ የመኪና ውድድር ታሪክ ሲነሳ ሁሌም የሚጠቀስ ድል አለ። እ.ኤ.አ. በሰኔ 1967 ዳን ገርኒ ራሱ ባሠራው መኪና የቤልጂየምን ግራንድ ፕሪ አሸነፈ። ሊወደስ ይገባዋል። ግን ከእሱ 46 ዓመት ቀድሞ አሜሪካዊው ጂሚ መርፊ በአሜሪካ መኪና የፈረንሳይን ግራንድ ፕሪ ወስዷል። እሱን የሚያነሳው ሰው ጥቂት መሆኑ ያንገበግበኛል።

መርፊ ሥራውን የጀመረው ከሹፌሩ ጎን በሚቀመጥ መካኒክነት ነው። በየካቲት 1920 በካሊፎርኒያ የቤቨርሊ ሂልስ የእንጨት መም ሲመረቅ የአሜሪካው መኪና ሠሪ ዱሰንበርግ መኪና ሰጠው። አሸነፈ።

እንዲህ ያለው የመኪና መሮጫ መም ሙሉ በሙሉ ከጣውላ ይሠራ ነበር። የቤቨርሊ ሂልሱ ዙሩ 1.25 ማይል ነበር፤ ኩርባው ላይ ሽቅብ ያጋደለ ነው። መኪኖቹ በሰዓት ከ100 ማይል በላይ ይበሩበታል። የፈሰሰው ዘይት ያንሸራትታል፣ ስንጣሪ እየተፈናጠረ ፊት ይወጋል። የደህንነት ቀበቶ የሚባል ነገር የለም። በዚያው ዓመት ኅዳር ላይ፣ በዚሁ መም፣ የወቅቱ የኢንዲያናፖሊስ 500 ማይል ውድድር አሸናፊ ጋስተን ሼቭሮሌና ኤዲ ኦዶኔል ተጋጭተው ሞቱ። መርፊ ኑሮው ይህ ነበር።

በሐምሌ 1921 ለፈረንሳይ ግራንድ ፕሪ በዱሰንበርግ ሊወዳደር ወደ ሌ ማን ከተማ ሄደ። ልምምድ ላይ ተገልብጦ የጎድን አጥንቱ ተጎዳ። ደረቱን በፋሻ አስሮ ተነሳ። መንገዱ ተፈረካክሶ ድንጋይ ይዘንብ ነበር። እሱ ግን ሁለተኛ የወጣውን ራልፍ ደፓልማን በ15 ደቂቃ ገደማ ቀደመው! በዓመቱ ያንኑ መኪና ሚለር የተባለ ሠሪ ሞተር አስገጥሞ ኢንዲያናፖሊስ ላይ ከሁሉም ፊት ካለው የመነሻ ቦታ (ፖል ፖዚሽን) ተነሳ፤ አሸነፈም። በኢንዲያናፖሊስ ከዚያ ቦታ ተነስቶ ያሸነፈ የመጀመሪያው ሰው እሱ ነው።

ለምን ተረሳ? በእኔ እምነት አንዱ ምክንያት መሞቹ መጥፋታቸው ነው። ጣውላው በጥቂት ዓመት ይበሰብሳል። የቤቨርሊ ሂልሱ በ1924 ተዘጋ፤ ቦታው ላይ ሆቴል ተሠራ። ደጋፊ ሄዶ የሚያየው፣ ለልጁ የሚያሳየው ነገር የለም።

መርፊም በዚያው ዓመት መስከረም በኒው ዮርክ ግዛት ሲራክዩስ ላይ፣ በአፈር መም፣ ከእንጨት አጥር ጋር ተጋጭቶ ሞተ። ገና 30 ዓመቱ ነበር። በየውድድሩ በሚሰበሰብ ነጥብ የሚወሰነው የአሜሪካ የዓመቱ ሻምፒዮንነት ከሞተ በኋላ ተሰጠው። አንዳንዶች ይህን እንደ ማጽናኛ ያዩታል። አይደለም። ነጥቡን በሕይወት እያለ ሰብስቦ ጨርሶ ነበር፤ የቀሩት ተወዳዳሪዎች ሊደርሱበት አልቻሉም።