ቁጥር ለሚደረድሩ ውል ጸሐፊዎች የቀረበ ምስጋና

የመንደር ውል ጸሐፊዎቻችን ዕድሜ ይስጣቸው! ሰሞኑን ደግሞ እጅ ለእጅ የሚዞር የቤት ሽያጭ ውል ግርጌ ላይ «ይህ ውል በፍትሐ ብሔር ሕግ ቁጥር 1731፣ 1889፣ 2005 እና 2266 መሠረት በሕግ ፊት የጸና ነው» ተብሎ ሰፍሯል። ከሕጉ 3,367 ቁጥሮች አራቱን መርጦ መደርደር ቀላል ሙያ አይደለም። ፍሪጅ ሲሸጥ እነዚያው፣ ሚኒባስ ሲሸጥ እነዚያው፣ ቤትም ሲሸጥ እነዚያው። የቤት ሽያጭ ከ2875 ጀምሮ የራሱ ክፍል አለው፤ ግን እዚያ ድረስ ማን ይገልጣል?

ከሁሉ የሚያስቀናው ገደቡ፣ ማለትም ውል አፍራሹ የሚከፍለው መቀጫ ነው፦ «ውሉን ያፈረሰ ወገን ለተበዳይ 100,000፣ ለመንግሥት 50,000 ብር ይከፍላል።» ለመንግሥት! 1889 የሚፈቅደው ግዴታውን ያልፈጸመ ተዋዋይ ለሌላው የሚከፍለውን ኪሣራ አስቀድሞ መቁረጥን ነው። ጸሐፊያችን ግን ያልፈረመውንም አልዘነጋም። እንግዲህ በጀት አርቃቂዎች «ከሻጮች ክህደት የሚጠበቅ ገቢ» የሚል መደብ ይክፈቱ። ደረሰኙን ማን ይቆርጣል? ተጨማሪ እሴት ታክስስ ይታሰብበታል? ሻጭና ገዢ በሽማግሌ ቢታረቁ፣ መንግሥት «የኔስ 50,000?» ብሎ ይከሳል? ወይስ እሱም ሽማግሌ ይልካል?

አንዲት ቁጥር ብቻ ቀርታለች፤ 1723። የማይንቀሳቀስ ንብረት ውል በጽሑፍ ሆኖ ፍርድ ቤት ወይም ውል ለማዋዋል ሥልጣን በተሰጠው ሰው ፊት መመዝገብ አለበት ትላለች። ሕጉ ያዘዘው ፎርም ካልተጠበቀ ደግሞ 1720 «ይህ ረቂቅ እንጂ ውል አይደለም» ባይ ነው። 1731 የሚያጸናው ውልን ነው፤ ረቂቅን አይደለም። ምስኪን ጀርመኖች! እ.ኤ.አ. በ1900 ሥራ ላይ በዋለው ሕጋቸው ምክንያት ቤት ሲሸጡ ኖተሪ (ውል አረጋጋጭ) ፊት ቁጭ ብለው ሰነዱ ከዳር እስከ ዳር ድምፅ ወጥቶ ሲነበብላቸው ያዳምጣሉ። እኛ ምስክሮቹን ሻይ ቤት አስፈርመን ጨርሰናል።

ቀልዱ እዚህ ላይ ይቁም። በአረብ አገር የሰው ቤት ተጠርጎ የተጠራቀመ ገንዘብ በዚህ ወረቀት ይከፈላል። የቤት ዋጋ ሲያሻቅብ ያው የፈረመው ሻጭ ጠበቃ ይዞ «አልተመዘገበም፣ ይፍረስልኝ» ይላል። ፍርድ ቤቱ ከተቀበለው በ1815 ሁለቱም ወደ ነበሩበት ይመለሳሉ፦ ለሻጩ ቤቱ፣ ለገዢዋ ዛሬ አንድ ክፍል የማይገዛው የያኔው ብር። ይህን ጸሐፊውም ደላላውም አሳምረው ያውቁታል፤ አውቀውም አስፈርመዋታል። ነውረኞች!

የጸሐፊው የእጅ ዋጋና የደላላው ኮሚሽን ግን ወደ ነበሩበት አይመለሱም።