«ሰው አለው»

ሰሞኑን አንድ ካፌ ገብቼ ባዶ ወንበር ልስብ ስል፣ አጠገቡ የተቀመጠች ወጣት ዓይኗን ከስልኳ ሳታነሣ «ሰው አለው» አለችኝ። ወንበሩ ላይ የነበረው የእጅ ቦርሳ ነው። ይህ ልማድ ካፌ የወለደው የሚመስለው፣ በዱሮው የአዲስ አበባ–ጅቡቲ ባቡር በሦስተኛ ማዕረግ ተጉዞ የማያውቅ ሰው ብቻ ነው። ድሬዳዋ ላይ ባቡሩ ገና ሳይቆም ነጠላና ዘንቢል በመስኮት ይወረወር ነበር፤ ነጠላው ያረፈበት የእንጨት አግዳሚም ከዚያች ደቂቃ ጀምሮ ርስት ይሆናል። ትኬት የቆረጠው ቆሞ፣ ያልቆረጠው ጥቅል ተቀምጦ ይሄዳል።

ለነገሩ ቦታ መያዝ ከባቡሩ ጋር አብሮ የመጣ ነው። ሐዲዱ በ1895 ዓ.ም. ድሬዳዋ ቢደርስም አዲስ አበባ የገባው በ1909 ዓ.ም. ነው። ገንዘብ ማለቁ አንድ ነገር ሆኖ፣ ፈረንሳይ፣ እንግሊዝና ጣልያን በመስመሩ ሲሻኮቱ ከርመው፣ በ1899 ዓ.ም. ዐፄ ምኒልክን ሳያማክሩ በመላው አገር ላይ «ሰው አለው» ተባብለው ተፈራረሙ። ይህን ባሰብኩ ቁጥር ደሜ ይፈላል፤ ባለቤቱ እቤቱ ተቀምጦ ሳለ ከልካዩ እንግዳ!

«የቆጡን አወርድ ብላ የብብቷን ጣለች» የሚለውን ተረት እጅግ የምወደው በዚያ መስመር ሲፈጸም ስላየሁት ነው። ኤረር ላይ ብርቱካን ልግዛ ብሎ የወረደ ሰው ብርቱካኑን ታቅፎ ሲመለስ፣ ቦታው ላይ ሌላው አንገቱን ደፍቶ ያንኮራፋል። ያ ማንኮራፋት ፊናንሶች፣ ማለትም የኮንትሮባንድ ተቆጣጣሪ ፖሊሶች፣ ለፍተሻ ሲገቡ እንኳ አይቋረጥም።

የካፌዋ ወጣት ጓደኛ ብዙም ሳይቆይ ስለመጣ እሷን ትቻታለሁ። ይቅር ያላልኩት አንድ ባለ ባርኔጣ ሰው ነው፤ ከድሬዳዋ ጀምሮ አጠገቡ ትልቅ ጥቅል ጎልቶ «ባለቤቱ ከፊት ጣቢያ ይሳፈራል» እያለ አቆመኝ። ባለቤቱ ኤረር አልተሳፈረም፤ አፍደምም አልተሳፈረም። ሚኤሶ ላይ «ጋሼ፣ ሰውዬው ደኅና ናቸው?» ብላቸው «አንተን ምን አገባህ?» አሉኝ። አዋሽ ስንደርስ ፊናንሶች ገቡ፤ አንደኛው ጥቅሉን በዱላው ጫፍ ገለጥ ሲያደርገው የጅቡቲ ጨርቅ ብቅ አለ። «የማን ነው?» ሲል ጋሼ ባርኔጣቸውን አስተካክለው «እኔ እንጃ፣ ባለቤት ያለው አይመስለኝም» አሉ። ጥቅሉ በፊናንሱ ትከሻ ሲወርድ እኔ ተቀምጫለሁ።