አርተር ሎው ራሱን አልተጫወተም

ሰሞኑን ስለ እንግሊዝ የቴሌቪዥን ኮሜዲ በተደረገ የሬዲዮ ውይይት ላይ አንድ ተጋባዥ ስለ አርተር ሎው የተናገሩት ነገር እስከ ዛሬ አልወጣልኝም። በ«ዳድስ አርሚ»፣ ማለትም በሁለተኛው የዓለም ጦርነት ጊዜ አገር ቤት ሆነው ከተማቸውን ስለሚጠብቁ በጎ ፈቃደኛ ወታደሮች በሚያወራው የቢቢሲ ኮሜዲ፣ የባንክ ሥራ አስኪያጁንና አዛዡን ካፒቴን ሜንዌሪንግን የተጫወተው ሎው ዕድሜውን ሙሉ ራሱን ሲጫወት የኖረ ሰው ስለሆነ ከታላላቅ ተዋንያን ተርታ አይቆጠርም አሉ። ማስረጃቸው፣ ባልደረቦቹ በግል ኑሮውም ኮስታራና በክብሩ የማይደራደር ሰው እንደነበር መመስከራቸው ነው። አወያዩም አንድ ጥያቄ እንኳ ሳያነሳ ወደ ሌላ ርዕስ ተሻገረ።

ኮስታራ ነበር፤ ይህን የሚክድ የለም። ታዲያ የሚኮፈስ ሰው ሁሉ መኮፈስን መተወን ይችላል ማለት ነው? የሚኮፈስ የባንክ ሥራ አስኪያጅ እንግሊዝ ውስጥ ጠፍቶ አያውቅም፤ እንደ ሜንዌሪንግ 80 ክፍል ሙሉ አገር ያሳቀ ግን አላየንም። ደግሞስ «ዳድስ አርሚ» እ.ኤ.አ. በ1968 ከመጀመሩ በፊት ቢቢሲ ሚናውን ያቀረበው ለሌላ ተዋናይ፣ ለቶርሊ ዋልተርስ ነበር። ዋልተርስ እምቢ ባይል ኖሮ ዛሬ ሜንዌሪንግን የምናውቀው በሌላ ሰው ፊት ነበር። ሚናው በሎው ልክ አልተሰፋም፤ ልኩን ያገኘለት ሎው ነው።

የተጋባዡን ክስ ከሥሩ የሚነቅለው በ1975 በፈረንጆች ገና ማግስት የተላለፈው ክፍል ነው። እዚያ ሎው ሁለት ወንድማማቾችን ይጫወታል። አንዱ የምናውቀው ጆርጅ ሜንዌሪንግ ነው፤ ሌላው ባሪ ይባላል፤ አፍንጫው የቀላ ሰካራም፣ ከከተማ ከተማ እየዞረ ዕቃ የሚሸጥ ሰው። ሁለቱ በአባታቸው የኪስ ሰዓት ይጣላሉ። ፊቱ ያው፣ ቁመቱ ያው፣ ድምፁ የሚወጣበት ጉሮሮ ያው። ጆርጅ ደረቱን ነፍቶ የሚሸፍነውን ሁሉ ባሪ ትከሻውን ጥሎ ያወጣዋል። ባሪ አፉን በከፈተ ቁጥር ጆርጅ ስንት ዓመት ተጠንቅቆ የገነባው ጨዋነት ሲሸራረፍ እናያለን፤ የጆርጅ ኩራት ከምን ፍርሃት እንደመጣም ያን ጊዜ ይገባናል። ተጋባዡ ይመልሱልኝ፤ ከሁለቱ አርተር ሎው የትኛው ነው? በ1970 በተላለፈው ሌላ ክፍል ደግሞ ይኸው ባለትዳር የባንክ ሰው ሚስስ ግሬይ የምትባል ሴት ያፈቅራል፤ ባቡር ጣቢያ ድረስ ሄዶም ጥላው እንዳትሄድ ይለምናታል። ያን ልመና ያየ ሰው ሎው የነበረው አንድ ፊት ብቻ ነው ሊል አይችልም።

የችሎታው ምሥጢር ለማሳቅ አለመሞከሩ ነው። በአንድ ክፍል የተማረከ ጀርመናዊ አዛዥ ከሜንዌሪንግ ወታደሮች የአንዱን፣ የወጣቱን የፓይክን ስም ሲጠይቅ፣ ሜንዌሪንግ ፓይክ ስሙን እንዳይናገር ፓይክ ብሎ እየጠራ ያዘዋል። ሎው በዚያች ቅጽበት በዓይኑ ጥግ እንኳ ተመልካቹን አይጠቅስም። አገሩን እያዳነ እንደሆነ ያምናል። ይህን እምነት ሳያፈስ መያዝ ሐምሌትን ከመጫወት የሚያንስበትን ምክንያት ማንም አስረድቶኝ አያውቅም።

ሌላው ሥራውም ምስክር ነው። በ«ኮሮኔሽን ስትሪት» ተከታታይ የቴሌቪዥን ድራማ ሱቅ ጠባቂውን ሚስተር ስዊንድሊን ሆኗል፤ በ1974 በእንግሊዝ ብሔራዊ ቴአትር ከታላቁ የመድረክ ተዋናይ ከጆን ጊልጉድ ጋር ሼክስፒርን ተጫውቷል። ዳይሬክተሩ ሊንሴይ አንደርሰንም ለፊልሞቹ ደጋግሞ ጠርቶታል። በ1982 በ66 ዓመቱ ሲሞትም በርሚንግሃም ውስጥ መድረክ ላይ ሥራ ይዞ ነበር።

የብሪታንያ የፊልምና የቴሌቪዥን አካዳሚ ለሜንዌሪንግ ደጋግሞ አጨው፤ አልሸለመውም። ሽልማቱን የሰጠው በ1973ቱ የአንደርሰን ፊልም «ኦ ላኪ ማን!» ነው። ሎው እዚያ ከያዛቸው ሦስት ሚናዎች አንዱ ፊቱን ጥቁር ቀለም ተቀብቶ የተጫወተው አፍሪካዊ መሪ ነበር። ያንን አልከላከልለትም፤ ለአፍሪካዊ ተመልካች ስድብ ነው። አካዳሚው ግን ቀለም የተቀባውን ፊት ለሲኒማ ስለተሠራ ሸለመ፤ ዘጠኝ ዓመት ያለ ቀለም አንድ ሙሉ ሰው የፈጠረውን ፊት ኮሜዲ ነው ብሎ አለፈው። ተጋባዡ በሬዲዮ የደገሙት ይህንኑ ዳኝነት ነው፤ ያን ጊዜም ስህተት ነበር፣ ዛሬም ስህተት ነው።