ያን ሌሊት የተሰለፍነው እኛው ነን

ወገኖቼ፣ የመጋቢት 6 ቀን 2016 ዓ.ም. ሌሊት ትዝ ይላችኋል? አብዛኞቻችሁ እንደ ቀልድ ነው የምታስታውሱት። እኔ ግን እስከ ዛሬ ይቅር ማለት አቅቶኛል። ስለዚህ ትንሽ ልቆጣችሁ ነውና ታገሱኝ።

ዓርብ ለቅዳሜ አጥቢያ ነበር። የኢትዮጵያ ንግድ ባንክ ሲስተሙን እየፈተሸና እየጠገነ ሳለ አንድ ነገር ተበላሸ። ኤቲኤም እኮ በራሱ አይወስንም። ካርዳችሁን ስትከቱ፣ ይሄ ሰው ይህን ያህል ብር አለው ወይ ብሎ ዋናውን መዝገብ ይጠይቃል። አለው ከተባለ ቆጥሮ ይሰጣል። ያን ሌሊት ይሄ ማጣሪያ አልያዘም። ሂሳቡ ውስጥ ጥቂት ብር ብቻ ያለው ሰው ሺዎችን ጠየቀ፤ ተሰጠው። ደግሞ ጠየቀ፤ ደግሞ ተሰጠው። በሞባይልም የሌለውን ብር ለጓደኛው ላከ፤ ደረሰለት።

ከሌሊቱ 6 እስከ 8 ሰዓት ባለው ጊዜ ወሬው ዩኒቨርሲቲዎች ውስጥ ገብቷል። ጅማ ደረሰ፤ ዲላ ደረሰ፤ ሌላም ሌላም ግቢ ደረሰ። የእህቴ ልጅ ያኔ ተማሪ ነበር። የዶርም ጓደኞቹ ቀሰቀሱት። በር እየተንኳኳ፣ ስልክ እየጮኸ፣ ሰው በነጠላ ጫማ ደረጃውን እየወረደ ነበር አለኝ። ኤቲኤሙ ጋ ሰልፉ ተጠማዞ ሄዷል። ካርድ የረሳው ሊያመጣ ይሮጣል። ጨርሶ የወጣው ተመልሶ ከኋላ ይሰለፋል። የእህቴ ልጅ ብርድ ልብሱን ተከናንቦ ተኛ። ጠዋት ሲነሳ ፋራ አሉት። ለሳምንታት ፋራ እንደተባለ ነበር።

እስቲ አንድ ነገር ልጠይቃችሁ። ያን ሌሊት ኔትወርኩ ይሰራ ነበር አይደል? ሁልጊዜ ኔትወርክ የለም እያልን የምንራገመው ስልክ ያን ሌሊት እንከን አልነበረበትም። ከጫፍ ጫፍ ወሬውን አደረሰ። የባንኩ የጥሪ ማዕከል 951 እንደሆነ ደግሞ ሁላችንም እናውቃለን። ጓደኛውን ከእንቅልፉ ከቀሰቀሰው ሰው ውስጥ ስንቱ 951 ላይ ደወለ? አንድ ሁለት ሰው ደውሎ ይሆናል፤ እግዜር ይስጠው። ሌላው ጣቱን ያሳረፈው ሌላ ቁጥር ላይ ነው።

ሌላም ላስታውሳችሁ፣ ቢያማችሁም። ጾም ላይ ነበርን። በዚያ ዓመት ዐቢይ ጾምና ረመዳን በአንድ ቀን ነው የገቡት፤ ሰኞ መጋቢት 2። እንዴት ደስ እንዳለንና ስንመራረቅ እንደነበር ታስታውሳላችሁ። አገሪቱ በሙሉ አብራ ጾመች ተባለ። ሳምንቱ እንኳ አልሞላም። ቅዳሴ የሚያደርሰውም ሱሁር የሚጠብቀውም ኤቲኤም ጋ ተገናኘ። ከሥጋና ከወተት ታቅበን የሰው ብር አፈሰስን። ይሄን ስጽፍ እጄ ይንቀጠቀጣል። ከንዴት ይሁን ከሐዘን አልለየሁትም።

ችግሩ እስኪደረስበት ድረስ ከ490 ሺህ በላይ ግብይት ተካሂዷል። ሁሉም ነውር አልነበረም፤ የራሱን ብር ያወጣም አለ። ባንኩ በኋላ ሲያሰላ ግን ያለ አግባብ የሄደው 801 ሚሊዮን ብር ሆነ። በነጋታው አገልግሎቱ ለሰዓታት ተቋረጠ። ቅዳሜ ነው፤ የገበያ ቀን። እስቲ ያን ጠዋት ጤፍ ልትገዛ የወጣችውን እናት አስቧት። የራሷ ብር ነው፤ ለፍታ ያጠራቀመችው። ማውጣት አትችልም። ሐኪም ቤት መክፈል ያለበትን፣ ትኬት የሚቆርጠውን አስቡት። ማታ የሌለው ሰው አወጣ፤ ጠዋት ያለው ሰው ተከለከለ።

ተማሪዎቹን ሳስብ ንዴቴ ይበርድና ሐዘኑ ይመጣል። የተማሪ ኑሮ ምን እንደሆነ አውቃለሁ። የካፌ ምግብ ምን እንደሚመስል አውቃለሁ። ከቤት የሚላክለት ሳንቲም ኮፒ እንኳ የማያደርስለት ልጅ፣ ሌሊት ተቀስቅሶ ብር እየታደለ ነው ሲባል ምን ያድርግ? አሥራ ዘጠኝ ዓመቱ ነው። ጓደኞቹ ሁሉ ወርደዋል። ከዚያ ደግሞ ያልመለሱት ስማቸውና ፎቷቸው በአደባባይ ተለጠፈ። ልጄ ዩኒቨርሲቲ ገባልኝ ብላ ቡና አፍልታ ጎረቤት የጠራች እናት ልጇን ባንክ ግድግዳ ላይ አየችው። እውነቱን ለመናገር ይሄ መለጠፉ እኔን ደስ አላለኝም። መጠየቅ አንድ ነገር ነው፤ ማዋረድ ሌላ።

ስለዚህ ቁጣዬ ከልጆቹ ይልቅ በእኛ በትልልቆቹ ላይ ይበረታል።

ጠዋት ምን አደረግን? ሳቅን። ቀኑን ሙሉ ቀልድ ስንቀባበል ዋልን። እኔንም ጨምሮ። ያላወጣው አመለጠው ተባለ። ያወጣው ጀግና ሆነ። አባት የሆነ ሰው፣ ሽበት ያለው ሰው፣ ወይኔ ምነው በነቃሁ ሲል በጆሮዬ ሰምቻለሁ። ሲሾም ያልበላ ሲሻር ይቆጨዋል የሚለውን ተረት ለልጆቹ ያስተማርናቸው እኛ አይደለንም? ትምህርቱን በደንብ ተምረውታል። ፈተናው ሌሊት መጣ፤ አለፉ። ታዲያ ምኑ ላይ ነው የምንደነቀው?

አውቃለሁ፣ አሁን የምትሉኝን አውቃለሁ። ባንኩስ ትላላችሁ። ኤቲኤሙ ብር ሳይሰጠን ከሂሳባችን ሲቆርጥ፣ ለማስመለስ ቅጽ ሙሉ ተብለን ስንመላለስ የት ነበርክ ትላላችሁ። ልክ ናችሁ። ከ38 ሚሊዮን በላይ ደንበኛ ያለው ባንክ ሲስተሙን ሲነካ ቀድሞ መፈተሽ ነበረበት። ሌሊቱን ነቅቶ የሚያይ ሰው ማስቀመጥ ነበረበት። የሳይበር ጥቃት አይደለም ተብሎ ተነግሮናል፤ እኔን ግን ይሄ አላጽናናኝም። ማንም ሳያጠቃው በራሱ እጅ ከወደቀ ጭራሽ ይብሳል። የባንኩን ኃላፊዎች ጠይቁ፤ አብሬያችሁ እጠይቃለሁ።

ግን የባንኩ ጥፋት የእናንተን እጅ አያነጻም። ዕቁብ ትጥላላችሁ አይደል? የዕቁቡ ጸሐፊ ቆጠራ ተሳስቶ አሥር ሺህ ብር አብልጦ ቢሰጣችሁ ትመልሳላችሁ። ሳይነጋ ነው የምትመልሱት። ለምን? ብሩ የእነ እትዬ እገሌ መሆኑን ስለምታውቁ ነው። የሽንኩርት ሻጯ፣ የጥበቃው፣ የአናጢው መሆኑን ስለምታውቁ ነው። ባንኩ ውስጥ ያለው ብርስ የማን ነው? የዚያችው የሽንኩርት ሻጭ ነው። ፊቷ ስላልታያችሁ ብቻ የማንም አይደለም ብላችሁ ደመደማችሁ።

ይሄ በሽታችን ደግሞ ባንክ ቤት ብቻ አይደለም። የከፍተኛ ኃይል ማስተላለፊያ ምሰሶን ብረት እየፈታ የሚሸጥ አለ። የአዲስ አበባ ቀላል ባቡር ኬብል ተሰርቋል። የፋይበር መስመርን መዳብ መስሎት የሚቆርጥ አለ፤ ውስጡ ክር የመሰለ ብርጭቆ ነው፤ ቆራሌው እንኳ አይገዛውም። ለምንም ለማይረባው ነገር አንድ ከተማ ሙሉ ከስልክና ከኢንተርኔት ውጪ ይሆናል። እኛ ደግሞ ካፌ ቁጭ ብለን ሲስተም የለም ስንባል ቴሌን እንረግማለን። ብረቱን ማን እንደገዛ ሰፈሩ ያውቃል። ማንም አይናገርም።

አሁን ሁሉንም ነገር ወደ መስመር እያስገባነው ነው። ነዳጅ የምንቀዳው በስልክ ከፍለን ነው። ደመወዝ በስልክ፣ መብራት በስልክ፣ የልጅ ትምህርት ቤት ክፍያ በስልክ። ጥሩ ነው፣ አልቃወምም። ሰልፍ ቀንሶልናል። ግን ይሄ ሁሉ የቆመው በሁለት ነገር ነው። አንዱ የመሐንዲሶቹ ሥራ ነው፤ እሱ ይጎድላል፣ ወደፊትም ይጎድላል። ሲስተም የማይሳሳትበት አገር የለም። ሁለተኛው ሲስተሙ ሲሳሳት እኛ የምናደርገው ነገር ነው። ይሄን ሁለተኛውን የሚጠግን መሐንዲስ ከየት እናመጣለን?

ስለዚህ እባካችሁ። ማሽኑ ያልሆነ ነገር ሲሰጣችሁ እጃችሁን ሰብስቡ። ደውሉ። ስልኩ ባይነሳ ጠዋት ቅርንጫፉ ሄዳችሁ ተናገሩ። ያልታወቀ ብር ሂሳባችሁ ውስጥ ቢገባ የላከውን ሰው አስቡ፤ ቁጥር ተሳስቶ ለእናንተ የላከ ድሃ ይሆናል። ሌሊት መስመር ስር የሚቆፍር ካያችሁ ምን ቸገረኝ አትበሉ። ልጆቻችሁንም ያላወጣ ልጅ ፋራ እንዳልሆነ ንገሯቸው። ይሄን እኔ ለእህቴ ልጅ ነግሬዋለሁ። ከእናንተ ቢሰማው ግን ይሻለው ነበር፤ አጎት ሲያመሰግን ማን ያምናል?

ትሰሙኛላችሁ ብዬ ብዙም አልተማመንም። ዩኒቨርሲቲዎቹ መልሱ ብለው ማስታወቂያ ለጠፉ። ባንኩ የመለሰ አይከሰስም አለ። ወር ሳይሞላ ከብሩ ሦስት አራተኛ ገደማው ተመለሰ። ከዚያ ውስጥ ፎቶው እንዳይለጠፍ ፈርቶ የመለሰ አለ። ስሙ መዝገብ ላይ እንዳለ ሲገባው የመለሰ አለ። ነግቶለት ሕሊናው አላስቀምጥ ብሎት፣ ማንም ሳይጠይቀው የሄደም ይኖራል። የባንኩ መዝገብ ሦስቱን አይለይም፤ ሁሉም ተመላሽ ተብለው ነው የተጻፉት። እኔ ለሦስተኞቹ ስል ነው ይሄን የጻፍኩት። ብዙ አይመስሉኝም። ሲስተሙ ደግሞ አንድ ቀን መሳሳቱ አይቀርም፤ ምናልባት እስከዚያ ጥቂት ይጨምሩ ይሆናል።